መሬቱ ከተናወጠ ደወል አይጠበቅም

ለጋዜጣው ዝግጅት ክፍል

ክቡር አዘጋጅ፦

የባሕር ማዶ ርዕደ መሬት ዜና በአማርኛ ጋዜጦች ሲወጣ «በሬክተር ስኬል ይህን ያህል የተመዘገበ» የሚለው ሐረግ አይቀርም። ቀጥሎ የሱናሚ ማስጠንቀቂያ መሰጠቱ ይነገራል፤ ከዚያ የማዕበሉ ከፍታ በሜትር ይጻፋል። ርዕደ መሬት በሚነሳበት አካባቢ ባሕር ዳርቻ ላይ ለሚኖር፣ ለሚሠራ ወይም ለጉብኝት ለሄደ ሰው ግን ሦስቱም ዘግይተው የሚደርሱ ናቸው፤ ሁለቱ ቁጥሮች ደግሞ ሊያዘናጉትም ይችላሉ። ምክንያቱን በዝርዝር ላስረዳ። ዓመቶቹ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ከመጀመሪያው ቁጥር ልጀምር። አሜሪካዊው የርዕደ መሬት ተመራማሪ ቻርልስ ሬክተር መለኪያውን በ1935 ያወጣው ለደቡብ ካሊፎርኒያ ሲሆን የተመሠረተውም በአንድ ዓይነት መሣሪያ ላይ ነበር። መለኪያው ለትንሽና ለመካከለኛ ርዕደ መሬት ይሠራል፤ ለትልቁ ግን ይሞላበታል። እስከ 50 ኪሎ ብቻ በሚመዝን ሚዛን ላይ ኩንታል ቢጫንበት መርፌው ከ50 አያልፍም፤ የዚህም ነገር እንዲሁ ነው። ስለዚህ ዛሬ ትልልቆቹ የሚለኩት «ሞመንት» በሚባለው መጠን ነው። ይህ መጠን የሚሰላው ከተሰነጠቀው ዓለት ስፋት፣ ዓለቱ ከተንሸራተተበት ርቀትና ከጥንካሬው ነው። በዜናው ውስጥ «ሬክተር» የሚለው ቃል በልማድ የቀረ እንጂ አሁን የሚነገረውን ቁጥር ያወጣው መለኪያ እሱ አይደለም። ችግሩ ትክክለኛውን መጠን ለማስላት ረዣዥሞቹን የመሬት ሞገዶች ጠብቆ መቅዳት የግድ መሆኑ ነው፤ ይህም ደቂቃዎችን ይወስዳል።

የቃላት ጉዳይ ብቻ ቢሆን ኖሮ ደብዳቤ ባልጻፍኩ ነበር። መጋቢት 11 ቀን 2011 በሰሜን ምሥራቅ ጃፓን ዳርቻ ትልቅ ርዕደ መሬት ሲነሳ የጃፓን ሜትሮሎጂ ድርጅት ከ3 ደቂቃ በኋላ ማስጠንቀቂያ አወጣ። ከዚህ የፈጠነ በዓለም ብዙ የለም። ነገር ግን የተጠቀሙበት ፈጣን መለኪያ ያው የሚሞላው ዓይነት ስለነበር 7.9 አለ፤ እውነተኛው መጠን 9.0 ነበር። የአንድ ነጥብ ጭማሪ 32 እጥፍ ኃይል ስለሆነ፣ በሁለቱ ቁጥሮች መካከል ያለው ልዩነት 45 እጥፍ ገደማ ይሆናል። በዚያው ስሌት መሠረት በዚያ ዳርቻ ካሉት ክፍላተ ሀገር ለሚያጊ 6 ሜትር፣ ለኢዋቴና ለፉኩሺማ 3 ሜትር ማዕበል ይደርሳል ተባለ። ትንበያው ወደ 10 ሜትርና ወደ 6 ሜትር ከፍ የተደረገው 28 ደቂቃ ካለፈ በኋላ ነው። ያን ጊዜ በብዙ ቦታ መብራት ጠፍቶ ነበር፤ ውሃውም ደርሶ ነበር፣ ወይም ሊደርስ ጥቂት ቀርቶት ነበር። 3 ሜትር የሚለውን ሰምተው «ግንባችን ከዚያ ይበልጣል» በማለት ከቤታቸው ያልወጡ ነበሩ። ድርጅቱ ከዚህ ተምሮ ከ2013 ጀምሮ በጣም ትልቅ ርዕደ መሬት ሲነሳ በመጀመሪያው መልእክቱ ላይ ቁጥር መጻፉን ትቶ «ግዙፍ» ብቻ ይላል። ቁጥሩ የሚመጣው መጠኑ በደንብ ሲታወቅ ነው። በእኔ አስተያየት በዚህ ዘርፍ ከተደረጉት ማሻሻያዎች ሁሉ ትልቁ ይህ የቃል ለውጥ ነው፤ ከውድ መሣሪያዎቹም ይበልጣል።

አሁን የደቂቃውን ሒሳብ እንሥራ። የሱናሚ ፍጥነት የሚወሰነው በባሕሩ ጥልቀት ነው። ጥልቀቱን በሜትር በ10 አባዝቶ ስኩዌር ሩቱን ማውጣት በሰከንድ ስንት ሜትር እንደሚጓዝ ይሰጣል። 4,000 ሜትር ጥልቅ በሆነ ውቅያኖስ ላይ 200 ሜትር በሰከንድ፣ ማለትም በሰዓት 720 ኪሎ ሜትር ይሆናል፤ የጄት አውሮፕላን ፍጥነት ነው። 50 ሜትር ጥልቀት ላይ በሰዓት 80 ኪሎ ሜትር፣ 10 ሜትር ላይ 36 ኪሎ ሜትር ይሆናል። ፍጥነቱ ሲቀንስ ከኋላ የሚመጣው ውሃ በፊተኛው ላይ ይደረባል፤ ከፍታው የሚያድገው በዚህ ነው። በ2004 ኢንዶኔዥያ ውስጥ ከሱማትራ ደሴት አጠገብ በተነሳ ርዕደ መሬት የተፈጠረው ሱናሚ በሕንድ ውቅያኖስ መሐል ሲያልፍ አንድ ሳተላይት የለካው ከፍታ 60 ሴንቲ ሜትር ያህል ብቻ ነበር። በዚያ ላይ መርከብ ቢኖር ምንም አይሰማውም። በሱማትራ ሎክ ንጋ ግን ያው ሱናሚ ከ30 ሜትር በላይ ወደሆነ ከፍታ ወጥቷል።

አንዱ የምድር ቅርፊት ሰሌዳ በሌላው ሥር የሚሰምጥበት የባሕር ወለል ቦይ ብዙውን ጊዜ ከባሕር ዳርቻው ከ100 እስከ 200 ኪሎ ሜትር ገደማ ይርቃል፤ ዓለቱ የሚሰነጠቀው ግን ከዚያ ጀምሮ እስከ ዳርቻው ሥር ድረስ ነው። ስለዚህ ለቅርቡ ዳርቻ የሚቀረው ጊዜ ከ10 እስከ 30 ደቂቃ ነው። በ2004 ከሱማትራ አጠገብ ባለችው ሲሙሉ ደሴት ላይ የመጀመሪያው ማዕበል የደረሰው በ10 ደቂቃ ገደማ፣ በሱማትራዋ ከተማ ባንዳ አቼ ላይ ከ15 እስከ 20 ደቂቃ ባለው ጊዜ ነው። ስሪላንካ ላይ ሁለት ሰዓት ያህል ፈጅቷል፤ ሰሜን ምሥራቅ ሶማሊያ፣ ሐፉን ላይ ደግሞ ሰባት ሰዓት ገደማ። ለሐፉን ማስጠንቀቂያ ቢኖር በቂ ጊዜ ነበር፤ ያጡት ደወሉን ነው። ለባንዳ አቼ ግን ደወልም ቢኖር ግማሹ ጊዜ በመጠበቅ ያልቅ ነበር።

20 ደቂቃ አለን እንበል። ትልቅ ርዕደ መሬት ሲሆን መናወጡ ራሱ ሦስት ደቂቃ ሊቆይ ይችላል፤ በዚያ ጊዜ መሮጥ አይቻልም፣ ጠረጴዛ ሥር ገብቶ ጭንቅላትን መሸፈን ብቻ ነው። ጫማ ለማድረግ፣ ልጅ ለማቀፍና ከፍርስራሽ መሐል ለመውጣት ሦስት ደቂቃ ይሄዳል። 14 ቀረ። አዛውንትና ሕፃን ያለበት ቡድን በደልዳላ መንገድ በሰከንድ 1 ሜትር ቢራመድ 840 ሜትር ይደርሳል። መንገዱ ዳገት ከሆነ፣ ጨለማ ከሆነ፣ የወደቀ ግንብ ከዘጋው ግማሹን ቁጠሩ። በዚህ ላይ «ማስጠንቀቂያው እስኪነገር» ብሎ አምስት ደቂቃ መጠበቅ 300 ሜትር ይበላል።

ይህ ሁሉ ወደ አንድ ነገር ይወስደናል። ለቅርብ ዳርቻ ሰው ማስጠንቀቂያው መናወጡ ራሱ ነው፤ የመናወጡም ዋና መረጃ ርዝመቱ ነው። የዓለት ስንጥቅ በሰከንድ ከ2 እስከ 3 ኪሎ ሜትር ይሮጣል። ከ40 ወይም ከ50 ኪሎ ሜትር የማይበልጥ ስንጥቅ በ20 ሰከንድ አካባቢ ያልቃል። በ2004 የተሰነጠቀው 1,300 ኪሎ ሜትር ገደማ ስለነበር እስከ 10 ደቂቃ ቆይቷል። እንግዲህ መሬት ሲናወጥ በልቡ የሚቆጥር ሰው ያለ ምንም መሣሪያ መጠኑን እየለካ ነው፤ ያውም በማይሞላ ሚዛን። 20 ሰከንድ ካለፈ ለመሄድ በቂ ምክንያት ነው፤ አንድ ደቂቃ ከሞላ ጥያቄ የለውም። ሰው ቆሞ መሄድ የሚያቅተው መናወጥም ባይረዝም ያው ነው።

እዚህ ላይ አንድ ወጥመድ አለ። ኃይሉ ደካማ ሆኖ እንደ ጀልባ ቀስ እያለ ለረጅም ጊዜ የሚያወዛውዝ ርዕደ መሬት ይኖራል። ስንጥቁ በቦዩ አጠገብ ባለው ለስላሳ ደለል ውስጥ ቀስ ብሎ ሲሮጥ ዕቃ ከመደርደሪያ አይጥልም፤ የባሕሩን ወለል ግን ያነሳዋል። በ1896 በጃፓን ሳንሪኩ ዳርቻ የሆነው ይህ ነው። መናወጡ ማንንም አላስደነገጠም፤ 22,000 ያህል ሰው ሞተ። በ1992 ኒካራጓ፣ በ2006 ደቡብ ጃቫ ላይ ተደግሟል። ስለዚህ «ቤቱ አልፈረሰም፣ ቀላል ነበር» የሚለው መመዘኛ ገዳይ ነው። ያለ ርዕደ መሬት የሚመጣም አለ፦ ታኅሣሥ 22 ቀን 2018 በኢንዶኔዥያ የአናክ ክራካታው እሳተ ገሞራ ጎን ተንዶ ባሕር ሲገባ ከ400 በላይ ሰው ሞቷል፤ ቀድሞ የተናወጠ መሬት አልነበረም። በዚያው ዓመት መስከረም በዚያው አገር በፓሉ ከተማ ላይ ደግሞ ማዕበሉ በጥቂት ደቂቃዎች ውስጥ ደርሷል፤ በርዕደ መሬቱ የተነቃነቀ ናዳ ቢያንስ በከፊል እንዳመጣው ይታመናል። የባሕሩን ድምፅና ሁኔታ መከታተል የሚያስፈልገው ለእንዲህ ዓይነቱ ነው።

ስለ ባሕሩ ሁኔታ ከተነሳ፣ «ውሃው ወደ ኋላ ከሸሸ ሱናሚ ይመጣል» የሚለው ትምህርት ግማሽ እውነት ነው። ሰሌዳው ሲፈናጠር በውቅያኖስ በኩል ያለው ወለል ወደ ላይ ይነሳል፤ በየብስ በኩል ያለው ይሰምጣል። በ2004 በታይላንድ በኩል መጀመሪያ የደረሰው የሞገዱ ሸለቆ ስለነበር ባሕሩ ሸሸ፤ ዓሣ ለመልቀም የወረዱ ሰዎች ነበሩ። በስሪላንካና በሕንድ በኩል ግን መጀመሪያ የደረሰው ጉብታው ነው፤ ምንም ሳይሸሽ ውሃው ገባ። መሸሹን ያየ ይሂድ። አላየሁም ብሎ የሚቀር ግን በራሱ ላይ ይፈርዳል።

ወዴት ነው የሚኬደው? በአካባቢው የተሠራ የጎርፍ ካርታ ካለ እሱ ይቅደም። ከሌለ በስፋት የሚሰጠው ምክር 30 ሜትር ከፍታ፣ ወይም 3 ኪሎ ሜትር ወደ የብስ ነው። ሁለቱም በ14 ደቂቃ የማይደረስባቸው ከሆኑ የቻሉትን ያህል ከፍ ማለት ይሻላል፤ አንድ ፎቅ እንኳ ነፍስ ያድናል። ወንዝን ተከትሎ መሸሽ አይገባም። ውሃው በወንዝ አፍ ገብቶ ሜዳውን ከሚያቋርጠው ይልቅ በወንዙ ቦይ ርቆ ይሄዳል፤ ድልድይንም ይዞ ይወርዳል። በዜና የሚነገረው «የማዕበል ከፍታ» በወደብ ላይ ከመደበኛው ባሕር በላይ የተለካ ነው። ውሃው ዳገት ላይ የሚወጣበት ከፍታ ከዚያ እጥፍና ከዚያም በላይ ሊሆን ይችላል። በ2011 የተመዘገበው ከፍተኛው 40 ሜትር ያህል ነው። ስለዚህ «3 ሜትር ማዕበል» ሲባል 4 ሜትር ላይ ያለ ቤት ደኅና ነው ማለት አይደለም።

በ2011 በጃፓኗ ካማይሺ ከተማ ተማሪዎች መጀመሪያ የተመደበላቸው ቦታ ደርሰው አልቆሙም። ከኋላቸው ገደሉ ሲናድ አይተው ወደ ላይ ቀጠሉ፤ ከዚያም እንደገና ቀጠሉ። መጀመሪያ የደረሱበትን ቦታ ውሃው ሸፍኖታል። በከተማዋ 3,000 ከሚጠጉ ተማሪዎች ከሞላ ጎደል ሁሉም ተርፈዋል። በዚያው ቀን በሚያጊ በኦካዋ አንደኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ግን ልጆቹ በግቢው ውስጥ 50 ደቂቃ ያህል ቆዩ፤ የት እንሂድ የሚለው ክርክር አላለቀም ነበር። ከግቢው ጀርባ ኮረብታ ነበረ። በመጨረሻ የተነሱት ወደ ወንዙ ድልድይ ነው። 74 ልጆችና 10 መምህራን አለቁ። ሁለቱን ቦታዎች የለያቸው አስቀድሞ የተወሰነና በእግር የተሞከረ መንገድ መኖሩና አለመኖሩ ነው።

መንገዱን መሞከር ማለት ካርታ ላይ ማስመር አይደለም። በቤቱ ካሉት ሁሉ ቀርፋፋው ሰው በሚሄድበት ፍጥነት፣ አንድ ጊዜ በቀን አንድ ጊዜ በሌሊት፣ ሰዓት ይዞ መሄድ ነው። በመንገዱ ላይ የብሎኬት አጥር፣ የመብራት ምሰሶና ጠባብ መተላለፊያ ካለ በርዕደ መሬቱ እንደሚዘጋ ቆጥሮ ሁለተኛ መንገድ መያዝ ይገባል። መወጣጫ ደረጃ እጅ መያዣ ከሌለው አዛውንት በጨለማ አይወጡትም። ቦርሳው በር አጠገብ ይሁን፤ ከባትሪ፣ ከሬዲዮ፣ ከመድኃኒት፣ ከውሃና ከሙቅ ልብስ በላይ አይጨመርበት። ከሦስት ኪሎ ሜትር የማይበልጥ መንገድ ላይ መኪና አይነሳ፦ አንድ የትራፊክ መስቀለኛ ላይ መብራት ሲጠፋ መቶ መኪና ይቆማል፤ መኪና ደግሞ በ60 ሴንቲ ሜትር ውሃ መንሳፈፍ ይጀምራል።

ከፍ ያለ መሬት ለሌለው ሜዳማ ዳርቻ ያለው አማራጭ ሕንፃ ነው። ሁሉም ሕንፃ ግን አይሆንም። አንድ ሜትር ኩብ የባሕር ውሃ ከ1 ቶን በላይ ይመዝናል፤ በሰከንድ 5 ሜትር ሲሮጥ በእያንዳንዱ ካሬ ሜትር ላይ ከአንድ ቶን በላይ ይገፋል። በብሎኬት ብቻ የተሠራ ቤት ይህን አይችልም። የሚችለው ፌሮው በቅጡ የታሰረ የአርማታ ኮለንና ሶሌታ ያለው፣ መሠረቱ በጥልቅ የተተከለ ሕንፃ ነው፤ ውሃው በሕንፃው ማዕዘን ሥር አፈሩን እየቦረቦረ ስለሚወስድ ጥልቀት የሌለው መሠረት ተነቅሎ ሕንፃው በጎኑ ይወድቃል። ምድር ቤቱ ክፍት ሆኖ በኮለን ብቻ ቢቆም ይመረጣል፤ ውሃው ያልፋል። ቢያንስ አራተኛ ፎቅ፣ ከዚያም ጣሪያ ድረስ የሚያደርስ ውጫዊ ደረጃ ያስፈልጋል። በሩ የሚቆለፍ ከሆነ ቁልፉ ማን ጋር እንዳለ ሌሊት በ9 ሰዓት ማን ያውቃል? ያየኋቸው ብዙ ዕቅዶች ሕንፃውን ይጠቅሳሉ፤ ቁልፉን አይጠቅሱም።

የባሕር ግንብን በተመለከተ አቋሜ ግልጽ ነው፦ ጊዜ ይገዛል እንጂ ቦታ አይገዛም። በካማይሺ 63 ሜትር ጥልቀት ላይ የቆመው ማዕበል መከላከያ በ2011 ውሃውን በስድስት ደቂቃ ያህል እንዳዘገየ ተሰልቷል፤ ከዚያ ራሱ ፈረሰ። ስድስት ደቂቃ በእኛ ሒሳብ 360 ሜትር ነው፤ ለተጠቀመበት ሰው ሕይወት ነው። በዚያው ዳርቻ በታሮ 10 ሜትር ከፍታ የነበረው ግንብ ግን ሰዎች ባሕሩን እንዳያዩ ጋርዷቸዋል፤ ውሃውም ተሻግሮታል። ፉዳይ መንደርን 15.5 ሜትር ከፍታ ያለው በር አድኗታል፤ በሚሠራበት ጊዜ በዛ ተብሎ ብዙ ተወቅሶ ነበር። ብዙ ጊዜ የሚረሳው ደግሞ የመሬቱ መስመጥ ነው። በሚያጊ በኦሺካ ባሕረ ገብ መሬት በኩል በ2011 በርዕደ መሬቱ ቀን መሬቱ 1.2 ሜትር ወርዷል። ግንቡም አብሮ ወረደ ማለት ነው፤ በወረቀት ላይ 6 ሜትር የነበረው ውሃው ሲደርስ 4.8 ሆኖ ይጠብቀዋል።

ሰው ከሚሞትባቸው ስሕተቶች ሁሉ የሚብሰው መመለስ ነው። የንፋስ ሞገድ በየ10 ሰከንዱ ይመጣል፤ በሱናሚ ሁለት ጉብታዎች መካከል ግን ከ10 ደቂቃ እስከ አንድ ሰዓት አለ። የመጀመሪያው ገብቶ ሲወጣ ያለቀ ይመስላል። በ1952 ካምቻትካ አጠገብ ከተነሳው ርዕደ መሬት በኋላ የሩሲያዋ ከተማ የሴቬሮ ኩሪልስክ ነዋሪዎች ከመጀመሪያው ማዕበል ወደ ኮረብታው ሸሽተው ተርፈው ነበር፤ ልብስና ዕቃ ለመያዝ ሲመለሱ ሁለተኛውና ትልቁ ደረሰባቸው፤ ከ2,000 በላይ ሰው አለቀ። ከተማዋ ከዚያ ከፍ ያለ ቦታ ላይ እንደገና ተሠራች። ሐምሌ 2025 በዚያው አካባቢ 8.8 የሆነ ርዕደ መሬት ሲነሳ ውሃው ወደቡን አጥለቀለቀ፤ ቤቶቹ ግን ከላይ ነበሩ። በ1960 የቺሊው ሱናሚ ሒሎ፣ ሐዋይ ላይ ከ15 ሰዓት ጉዞ በኋላ ደረሰ፤ ደወል ተደውሎ ነበር። የመጀመሪያው ትንሽ ነበር። 61 ሰው የገደለው ሦስተኛው ነው።

ይህን ሁሉ ለእርስዎ የምጽፈው በዝግጅት ክፍሉ እጅ ያለ ነገር ስላለ ነው። የሱናሚ ማስጠንቀቂያ ዜና ሲደርስ ከመጠኑ በፊት መናወጡ ስንት ሰከንድ እንደቆየ ይጻፍ፤ «ሬክተር» የሚለው ቀርቶ «መጠኑ 8.8» ይበቃል። የመጀመሪያው ማዕበል የሚደርስበት ሰዓት ሲጠቀስ ትልቁ ላይሆን እንደሚችል በዚያው ዓረፍተ ነገር ይታከልበት። የተለካው ከፍታ በወደብ ይሁን በዳገት ላይ ይለይ። በመጨረሻም «የተፈራው ሱናሚ ሳይደርስ ቀረ» የሚለው ርዕስ የመጀመሪያው ማዕበል በትንሹ ከገባ በኋላ ባሉት 12 ሰዓታት ውስጥ በድረ ገጽዎ ላይ ባይወጣ እለምናለሁ፤ በዚያ ሰዓት ዳርቻው ላይ ያለ አንባቢ ኮረብታው ላይ ብርድ እየመታው ስልኩን የሚያየው መውረድ ይቻል እንደሆነ ለማወቅ ነው።

ከአክብሮት ጋር